መሣሪያው የማን ነው? ስለ ዋልያስ ባንድ

 

የጋበዙኝ እዚሁ መካነ ሰላም ሰርግ የሚያጫውቱ ልጆች ናቸው። «ስለ አንድ ባንድ ከልደቱ እስከ ፍጻሜው ይንገሩን» አሉኝ። «የትኛው ባንድ?» ብላቸው እርስ በርስ አልተስማሙም። አንደኛው በስልኩ የአሜሪካ ሮካቢሊ ሲሰማ የሚያመሽ ነውና «እሱ ይሁን» አለ። ሌላው «የለም፣ የእኛው አገር ይሁን፤ ደግሞም እኛ ባንድ ማቋቋም ለምን እንዳቃተን የሚያስረዳ ይሁን» አለ። የሁለተኛውን ጥያቄ ወደድኩት። ስለዚህ የመረጥኩላችሁ ዋልያስ ባንድን ነው።

ዛሬ ደጋግሜ የማነሣው ጥያቄ አንድ ነው፤ ካሁኑ ያዙልኝ። መሣሪያው የማን ነው? ዘፋኙ ማን ነው፣ ግጥሙ የማን ነው፣ ዜማው ከየት መጣ የሚለውን ሁላችንም እንጠይቃለን። ትራምፔቱን ማን ገዛው ብሎ የሚጠይቅ ግን ጥቂት ነው። ዓመታቱን የምጠራው በፈረንጆች አቆጣጠር ነውና ግራ እንዳትጋቡ።

ሮካቢሊ የጠየቀው ልጅ እንዳይከፋው ከእሱ ልነሣ። በ1954 አሜሪካን አገር ሜምፊስ ከተማ፣ ሳም ፊሊፕስ በሚባል ሰው ትንሽ ስቱዲዮ ውስጥ ሦስት ሰዎች ተገናኙ። አንዱ የ19 ዓመቱ ኤልቪስ ፕሪስሊ ነው። ስኮቲ ሙር ጊታር ይዟል፤ ቢል ብላክ ደግሞ ቆሞ የሚመታውን ትልቁን ቤዝ። ድራም የላቸውም። ቢል ብላክ የቤዙን ክር እየጎተተ ከእንጨቱ ጋር ያላትመዋል፤ ድራሙም ቤዙም እሱው ሆነ። የነጭ ገበሬውን የገጠር ዘፈን ከጥቁሩ ብሉዝ ጋር ቀላቀሉት፤ ሮካቢሊ የሚባለውም ይኸው ነው። ለወግ ያህል አላነሣሁትም። ሦስቱም መሣሪያቸውን ከየቤታቸው ይዘው ነው የመጡት። ይህን አስታውሱልኝ።

የኤልቪስ ነገር ወደ እኛ አገርም ዘልቋል። አስመራ ቃኘው በነበረው የአሜሪካኖች ጦር ሰፈር ሬዲዮ፣ በሲኒማ፣ ከ1962 ጀምሮ ደግሞ በሰላም ጓድ መምህራን ሻንጣ እየሆነ ሸክላው ገባ። ዓለማየሁ እሸቴን «የኢትዮጵያ ኤልቪስ» ያሰኘው ይህ ነው። ጅማ ተወለደ፤ በፖሊስ ኦርኬስትራ ዘፈነ፤ ፀጉሩንም አለባበሱንም እንደ ኤልቪስ አደረገ። በ1969 አምኃ እሸቴ የሚባል ወጣት የመንግሥትን ፈቃድ ሳይጠብቅ ሸክላ ማሳተም ሲጀምር ቀድሞ ካሳተማቸው ዘፋኞች አንዱ ዓለማየሁ ነበር። በኋላም ከፒያኒስቱና ከአቀናባሪው ከግርማ በየነ ጋር ሆኖ ዓለም-ግርማ ባንድን አቋቋመ። ግርማን አትርሱት፤ ተመልሶ ይመጣል። ዓለማየሁ በ2021 ነው ያረፈው፤ ነፍሱን ይማር።

አሁን ወደ ዋናው ልግባ።

በመጀመሪያ ዋልያስ ከመወለዱ በፊት መሣሪያው የማን እንደነበር እንይ። ነገሩ ከቤተ መንግሥት ይጀምራል። በ1924 ራስ ተፈሪ ኢየሩሳሌም ላይ ያዩአቸውን አርባ የአርመን ወላጅ አልባ ልጆች ከነመምህራቸው ከኬቮርክ ናልባንዲያን ጋር አዲስ አበባ አስመጡ። ትራምፔቱ፣ ትሮምቦኑ፣ ከበሮው ሁሉ የቤተ መንግሥቱ ነው። ከዚያ በኋላ የመጡትም፣ ክብር ዘበኛው፣ ጦር ሠራዊቱ፣ ፖሊሱ፣ ማዘጋጃ ቤቱ፣ ሀገር ፍቅሩ፣ መንገዳቸው ያው ነው። ሙዚቀኛው ደመወዝተኛ ነው፤ አንዳንዱም ማዕረግ ያለው ወታደር ነው። ከሥራው ሲሰናበት ሳክስፎኑን አስረክቦ ባዶ እጁን ይወጣል። ጥላሁን ገሠሠን የሚያህል ድምፃዊ ከጀርባው የቆመው ኦርኬስትራ የክብር ዘበኛ ንብረት ነበር።

ኃይሉ መርጊያም የዚሁ ትምህርት ቤት ልጅ ነው። በ1946 ደብረ ብርሃን ተወለደ፤ በልጅነቱ አዲስ አበባ ገባ፤ ገና ለጋ ሳለ በጦር ሠራዊት ሙዚቃ ክፍል ተቀጠረ። እዚያ ኖታ ተማረ፤ አኮርዲዮንም ያዘ። ከዚያ ወጥቶ በምሽት ክበቦች መጫወት ጀመረ።

የምሽት ክበቡ ደግሞ ሌላ ጌታ ነው። የክበቡ ባለቤት ኦርጋኑን ይገዛል፣ ድራሙን ይገዛል፣ ማጉያውን ይገዛል፤ ልጆቹን ይቀጥራል። ከባለቤቱ ጋር የተጣላ ባንድ በማግስቱ ባንድ አይደለም፤ ሥራ ፈት ልጆች ናቸው። አዲስ አበባ ውስጥ በ1960ዎቹ መጨረሻና በ1970ዎቹ መጀመሪያ ብዙ ጥሩ ባንድ የፈረሰው በዚህ ይመስለኛል። ተሰጥኦ አልጎደለም፤ የኦርጋኑ ቁልፍ ነው በሰው እጅ የነበረው።

ዋልያስ የተወለደው ከቬኑስ የምሽት ክበብ ተጫዋቾች ነው። እነዚህ ልጆች ያደረጉት ነገር ሲነገር ቀላል ይመስላል፤ ገንዘብ አጠራቅመው መሣሪያ ገዙ። የራሳቸውን። ከዚያ በኋላ ከማንም ክበብ ጋር ሲነጋገሩ እንደ ተቀጣሪ ሳይሆን ዕቃ እንዳለው ተቋራጭ ነው። ስማቸውን ያወጡት በሰሜን ተራሮች ዋልያ ነው። አይቤክስ ባንድ የሚባለው ሌላው ትልቅ ባንድም ስሙን የወሰደው ከዚያው ከዋልያ ነው፤ በእንግሊዝኛ ጠሩት እንጂ። እሱ በኋላ ሮሐ ባንድ ሆነ፤ በካሴት ዘመን ያላጀበው ዘፋኝ የለም ማለት ይቻላል። አንድ እንስሳ ሁለት ባንድ አበላ።

ሁለተኛ፣ እነማን ነበሩ? ስማቸውን ቀስ ብዬ ልጥራ፤ ዘፋኝ ስናስታውስ እነሱን የምንረሳቸው ናቸውና። ኦርጋን ላይ ኃይሉ መርጊያ። ቤዝ ላይ መላከ ገብሬ። ድራም ላይ ተማረ ሐረጉ። ሳክስፎን ላይ ሞገስ ሀብቴ። ትራምፔት ላይ ዮሐንስ ተኮላ። ጊታር ላይ ማሕሙድ አማን። ፒያኖና ቅንብር ላይ ያ አትርሱት ያልኳችሁ ግርማ በየነ። ግርማ ራሱ ዘፋኝም ነበር፤ ያቀናበረው ዘፈን ግን በገዛ ድምፁ ካስቀዳው እጅግ ይበዛል። እንዲህ ያለ ሰው ነው ባንድን ባንድ የሚያደርገው።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ነገሩ ከእኛ ከወሎ ጋር የሚገናኝበት ነውና። ከአራቱ ዋና ቅኝቶች ሁለቱ የወሎን ቦታ ስም ተሸክመዋል። አምባሰል ከደሴ ሰሜን ነው፤ ባቲ ከኮምቦልቻ ምሥራቅ። ትዝታንም የኛ ነው የምንል አለን፤ ያንን ክርክር ዛሬ አልከፍተውም፣ ቡናው ላይ እንጨርሰዋለን። እነዚህ ቅኝቶች አምስት አምስት ድምፅ ነው ያላቸው። ማሲንቆ ሲጫወታቸው በድምፅና በድምፅ መካከል ያለውን ክፍተት በጣቱ እየተንሸራተተ፣ እያስለቀሰ ይሞላዋል። ኦርጋን ግን አይንሸራተትም፤ ቁልፉን ትጫናለህ፣ ድምፁ ይወጣል፣ አለቀ። ታዲያ ክፍተቱን በምን ይሙሉት? ዋልያሶች የሞሉት በምት ነው። መላከ ቤዙ ላይ አንዲት አጭር ሐረግ ይይዛል፤ ያቺኑ ይመላልሳል። ተማረ ከእሷ ጋር ይጋጫል፣ ይታረቃል። ኃይሉ በሁለቱ መካከል በተረፈችው ቦታ ገብቶ ቁርጥ ቁርጥ ያደርጋል። ሳክስፎኑና ትራምፔቱ ዜማውን ከላይ ይጭኑበታል። ምቱን የተማሩት ከአሜሪካ ነው፤ ኪንግ ከርቲስን፣ ጁኒየር ዎከርን፣ ሜሲዮ ፓርከርን ያዳምጡ ነበር። ድምፆቹ ግን አገር ቤት ያለቀሱ ድምፆች ናቸው። የሜምፊሶቹ ሦስት ሰዎች የሠሩትም ይህንኑ ነው፤ የገዛ ገጠራቸውን ዘፈን የጎረቤት ምት አስያዙት።

ሦስተኛው ነጥቤ ሒልተን ሆቴል ነው። አዲስ አበባ ሒልተን በ1969 ነው የተከፈተው። ዋልያስ እዚያ ገብቶ ለአሥር ዓመት ያህል ተጫወተ። አሥር ዓመት በአንድ ቤት! ባንድ እንዲበስል የሚያስፈልገው ይኸው ነው፤ የማይቋረጥ ሥራና በወሩ የሚታወቅ ገቢ። ዲፕሎማቱ አለ፣ ነጋዴው አለ፣ እንግዳው አለ። ለእንግዳው የውጭውን ይጫወታሉ፤ ለአገሬው የአገሩን። ሁለቱን በአንድ ሌሊት ሲያፈራርቁ ሁለቱ እጃቸው ላይ አንድ ሆነ።

ከዚያ 1974 መጣ። ንጉሡ ወረዱ፤ ደርግ ገባ፤ ሰዓት እላፊ ታወጀ። እናንተ ወጣቶች ሰዓት እላፊ ሲባል ሙዚቃ የሚሞት ይመስላችኋል፤ ብዙ ቦታም ሞቷል። ሒልተን ግን የተገላቢጦሽ ሆነ። እኩለ ሌሊት ካለፈ መንገድ ላይ መገኘት አይቻልምና የመጣ ሰው እዚያው ያነጋል። ሰው ካነጋ ባንዱም ያነጋል። ስለዚህ እስከ ንጋት ተጫወቱ። አንድ ዜማ ለሦስት ደቂቃ ተብሎ የተሠራ ሲሆን፣ ሌሊቱ ግን ገና ሲሆን፣ ምን ታደርጋለህ? ታስረዝመዋለህ፣ ትገለባብጠዋለህ፣ ለጓደኛህ ትለቅለታለህ። ውጪ አገሩ በፍርሃት ታሞ ሳለ ውስጥ ይህ ሙዚቃ መብሰሉ ለእኔ እስከ ዛሬ የማይዋጥ ነገር ነው። ግን ሆኗል፤ የሆነውን ነው የምነግራችሁ።

የሁሉም ዕጣ እንደዚያ አልነበረም። ወልዲያ የተወለደው፣ የጥቁር አንበሳ ባንዱ አያሌው መስፍን በደርግ ዘመን ታስሯል፤ ሥራውም ታግዷል። አምኃ እሸቴም አገር ጥሎ ወጣ። ቃል ያለው ዘፈን ሳንሱር አለበት፤ ሰምና ወርቅ ለሚያውቅ ሕዝብ የተዘፈነን ግጥም ሳንሱር አድራጊው በሁለት ዓይን ነው የሚያየው። ቃል የሌለው ሙዚቃ ግን ምኑ ይሰረዛል? በ1977 ዋልያስ «ቼ በለው» የሚለውን ሸክላ ካይፋ ሬከርድስ ዘንድ ሲያወጣ ዘፋኝ የለበትም፤ ሙሉ በሙሉ መሣሪያ ነው። ሙላቱ አስታጥቄ በቫይብራፎን ገብቶበታል። ግርማ በየነ የደረሰው «ሙዚቃዊ ስልት» ያለው በዚህ ሸክላ ላይ ነው። ሳንሱርን ለመሸሽ አስበው ሠሩት እያልኩ አይደለም። ግን ጊዜው ለቃል ጠባብ በነበረበት ሰዓት ቃል የሌለው ሸክላ ሰፊ ቦታ አገኘ። እንደኛ ላለ በግጥም ለሚኖር፣ ዘፋኝ «አይ!» ካላለ ዘፈን ተዘፈነ ለማይል ሕዝብ ይህ ትልቅ ድፍረት ነው። በእኔ ፍርድ ከዋልያስ ሥራ ሁሉ የሚበልጠው ይኸው ድፍረት ነው፤ ባንዱ ከዘፋኙ ጀርባ ወጥቶ ፊት ለፊት ቆመ።

አራተኛ፣ መለያየቱ። በ1981 ዋልያስ ከድምፃዊው ከማሕሙድ አሕመድ ጋር ሆኖ ወደ አሜሪካ ሄደ። አሜሪካን የረገጠ የመጀመሪያው ዘመናዊ የኢትዮጵያ ባንድ የሚባለው እሱ ነው። አዳራሹን የሞላው ግን ፈረንጅ አልነበረም፤ በአብዛኛው ከአገሩ የተሰደደ ኢትዮጵያዊ ነው። ጉዞው ሲያበቃ ኃይሉ መርጊያ፣ ግርማ በየነ፣ ሞገስ ሀብቴና መላከ ገብሬ እዚያው ቀሩ። ተማረ ሐረጉና ዮሐንስ ተኮላ ተመለሱ። ዋልያስ የሚለው ስም አዲስ አበባ ውስጥ በአዳዲስ ልጆች ቆይቷል፤ ድምፁ ግን ያው አልሆነም። ቤዙ ዋሽንግተን፣ ድራሙ አዲስ አበባ፤ እንዴት ብሎ ያው ይሆናል!

ቀሩ ብዬ አልወቅሳቸውም። የዚያን ዘመን ያየ የሚወቅስ አይመስለኝም። እዚያ የቀሩት ዙላ ባንድን አቋቋሙ፤ ለዋሽንግተን ኢትዮጵያውያን ተጫወቱ። ኋላ ግን ሁሉም ወደ እንጀራው ተበተነ። ያ ሁሉ ቅንብር የእጁ ሥራ የሆነው ግርማ በየነ ነዳጅ ማደያ ሠርቷል። ከብዙ ዓመት በኋላ አገሩ ተመልሶ አካሌ ውቤ ከሚባለው የፈረንሣዮች ባንድ ጋር በ2017 አልበም አወጣ፤ ለእሱ እንኳን ጀንበር ሳትጠልቅ ደረሰለት።

አሁን ከሁሉ ይበልጥ እንድታደምጡልኝ የምፈልገው ነጥብ ላይ ደርሻለሁ። በ1985 ኃይሉ መርጊያ ዋሽንግተን ውስጥ ብቻውን ስቱዲዮ ገባ። ባንድ የለውም። የልጅነቱን አኮርዲዮን አነሣ፤ ኤሌክትሪክ ፒያኖና ሲንተሳይዘር ጨመረ፤ ድራሙን ለድራም ማሽን ሰጠው። «ሸሞንሟናዬ» የሚል ካሴት ሆነ። ካሴቱ ድንቅ ነው፤ ስሙት። ግን ምን እንደሆነ ልብ በሉ። የዋልያስ መሪ፣ በሰው ጣት መጋጨትና መታረቅ ያደገው ሰው፣ ብቻውን ከአንድ ማሽን ጋር ቁጭ አለ።

ይህን ስል እዚህ አዳራሽ ውስጥ ፈገግ ያላችሁ አያችኋለሁ። አውቃችሁታልና! መካነ ሰላም ሰርግ ላይ፣ ዳሱ ጥግ፣ ሁለት ሞንታርቦ ግራና ቀኝ ቆሞ፣ ጀነሬተሩ ከኋላ እያጓራ፣ አንድ ልጅ ኦርጋኑን ይዞ ተቀምጧል። ድራሙ ከኦርጋኑ ውስጥ ነው፤ ቤዙም ከውስጥ ነው፤ ማሲንቆው ሳይቀር ከውስጥ ነው። ልጁ ብቻውን ባንድ ነው። አልቀልድበትም፤ ለሰርገኛው ዋጋው ይቀላል፣ ልጁም ገንዘቡን ከማንም ጋር አይካፈልም። ከሁሉ በላይ ለዛሬው ጥያቄያችን መልስ አለው፤ መሣሪያው የራሱ ነው። ያ ልጅ ከክብር ዘበኛው ትራምፔት ነፊ ይልቅ ነፃ ሰው ነው። ያጣው ነገር አንድ ነው፤ የሚጋጨውና የሚታረቀው ሰው። ማሽኑ ሲሳሳት አይከተለውም፤ ሲደክመው አይጠብቀውም። አዲስ ነገር ቢያመጣ «እሰይ!» የሚለው የለም።

የኃይሉን ታሪክ ልጨርስ። ከ1990ዎቹ መጀመሪያ በኋላ መድረኩን ትቶ ታክሲ መንዳት ያዘ። ዋሽንግተን ደለስ አውሮፕላን ማረፊያ ተሳፋሪ እየጠበቀ ሳለ በባትሪ የምትሠራ ትንሽ ኪቦርድ ከመኪናው የኋላ ዕቃ መጫኛ አውጥቶ ይለማመዳል። ወረፋው ሲደርስ ከትቶ ይነዳል። ብዙ ዓመት እንዲህ ሆነ። ታዲያ ብራያን ሺምኮቪትስ የሚባል አሜሪካዊ ካሴት ሰብሳቢ ባሕር ዳር መጥቶ ያንን የ1985 ካሴት አገኘ። ባሕር ዳር! ከእኛ ከዓባይ ማዶ። አፈላልጎ ደወለለት፤ በ2013 ካሴቱ እንደገና ታተመ፤ ኃይሉ አውሮፓና አሜሪካ መድረክ ላይ ወጣ፤ በ2018 «ላላ በሉ» የሚል አዲስ አልበም አወጣ። ሲመለስ ታዲያ ያደረገውን እዩ፤ ድራም ማሽኑን ተወውና የሰው ድራም፣ የሰው ቤዝ አስቆመ። እኔ ይህን እንደ ፍርድ ነው የምቆጥረው።

ወደ ልጆቹ ጥያቄ እንምጣ፤ እኛ ለምን ባንድ አቃተን? ወሎ የሰው ችግር ኖሮበት አያውቅም። ደሴ የነበረውን የወሎ ላሊበላ ኪነትን አስቡ፤ ማሪቱ ለገሠና ዚነት ሙሃባ የወጡት ከዚያ ነው። ያ ግን የመንግሥት ቤት ነው፤ መሣሪያውም የመንግሥት ነው። ሲፈቀድ ይሞቃል፣ በጀት ሲቀር ይቀዘቅዛል። እዚህ ሳይንትና ቦረና ደግሞ መሣሪያው የኦርጋን ተጫዋቹ ነው፤ ባንዱ ግን የለም። በሁለቱ መካከል ያለው የዋልያስ መንገድ ነው ያልተሞከረው፤ የአምስት ልጆች የጋራ ዕቃ።

ስለዚህ ልጆቼ፣ ዕቁብ ጣሉ። ዕጣው የወጣለት ጫማ አይግዛበት፤ ቤዝ ጊታር ይገዛበት። በሚቀጥለው ድራም። ግን ዕቁቡን ከመጀመራችሁ በፊት ዳኛ አስቀምጣችሁ በወረቀት ጻፉ። አንዱ ነገ አዲስ አበባ ቢሄድ፣ አንዷ ዓረብ አገር ብትሄድ፣ ቤዙ የማን ነው? ድርሻው በገንዘብ ይሰጣል ወይስ ዕቃው ይሸጣል? ስሙስ ከማን ጋር ይቀራል? ይህ የፈሪ ወሬ አይደለም። አሜሪካ ላይ የተለያዩት ሰዎች ከእናንተ የሚያንሱ ጓደኛሞች አልነበሩም። ሥራውንም አስቡ። ዋልያስ ሒልተን ነበረው፤ እናንተ ሒልተን የላችሁም። ግን ከጥር እስከ ግንቦት የሰርግ ወቅት አለ፤ ገበያው አለ፤ ዩኒቨርሲቲው እዚሁ ከተማችን ግቢ አለው፤ ተማሪው ቅዳሜ ማታ የሚሄድበት ያጣል። አንድ ቤት በሳምንት አንድ ቀን ለአንድ ዓመት ብትይዙ ከአሥር ሰርግ ይሻላችኋል። ሰርግ ላይ የሚታወቀውን ነው የምትጫወቱት፤ የማይታወቀውን የምትለማመዱበት ግን ቋሚ ቤት ይፈልጋል።

ዋጋውን ማን ይችላል ትሉኛላችሁ። እውነት ነው፣ ድራም ውድ ነው። የሜምፊሶቹ ድራም አልነበራቸውም ብያችሁ ነበር። ቢል ብላክ በቤዙ እንጨት ድራም ሠራ። እናንተ ከበሮ አላችሁ፣ የሚመታም አላችሁ፤ መንዙማ ቤት ያደገ እጅ፣ ማኅሌት ቤት ያደገ እጅ ከድራም ማሽን አያንስም። ማሲንቆ ያለውን ሰው ጨምሩ፤ ኦርጋን ያለው ልጅ አብሮት ይቀመጥ፤ በኦርጋኑ ውስጥ ያለውን የማሽን ድራም ግን አጥፉት። ለጊዜው ይኼ ይበቃል።

ይኸው ነው ያለኝ። አሁን «ሙዚቃዊ ስልት»ን እናዳምጣለን። ማዳመጫ ዘዴ ልንገራችሁ። መጀመሪያ ዜማውን ተዉት፤ ትራምፔቱንና ሳክስፎኑን ተዉት፤ እነሱ ራሳቸው ይመጡላችኋል። ቤዙን ብቻ ያዙ። መላከ ያቺን አጭር ሐረግ ሲመላልሳት በደንብ ከያዛችሁ በኋላ ጆሯችሁን ወደ ድራሙ አዙሩት፤ የት ላይ አብረው እንደሚወድቁ፣ የት ላይ አንዱ እንደሚቀድም ፈልጉ። ኦርጋኑ የሚገባው እዚያች ስንጥቅ ውስጥ ነው። ያገኛት እጁን ያንሣ። ጥያቄም ካለ ከዚያ በኋላ እቀበላለሁ። ሞንታርቦው አጠገብ ያለኸው ወንድሜ፣ ቤዙን ትንሽ ከፍ አድርገውና ልቀቀው።